አሥራ አንደኛው ከረጢት

ሚዛኑ የሚያድረው እኔ ቤት ነው። አይጥ እንዳይደርስበት በላስቲክ ጠቅልዬ ከጣሪያው ማገር ላይ ከነመንጠቆው አንጠልጥዬዋለሁ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የመንደራችንን፣ የፒኖ ሴኮንን፣ ሕፃናት አንድ በአንድ የመዘንኩት እኔ ነኝ፤ ኦብዱልያ እባላለሁ፤ እዚህ ትልቅ ሴት በአክብሮት ስትጠራ ዶኛ ትባላለች። ደመወዝ የለኝም። በዓመት አንድ ጊዜ ከከተማው ጤና ኬላ ሰማያዊ ሰደርያ ይሰጡኛል፤ ጀርባው ላይ የተጻፈው ነገር ሁለቴ ከታጠበ በኋላ አይነበብም። ይህን የማወራው እንዲታዘንልኝ አይደለም። ስለ ሴልቪን ስናገር ሥራውን የማላውቅ ሴት እንዳልነበርኩ ከወዲሁ እንዲታወቅ ብዬ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። መንግሥት ለከሱ ልጆች በየወሩ አልሚ ዱቄት ይልካል፤ በቆሎና አኩሪ አተር የተቀላቀለበት፣ ትንሽ ስኳር ያለው፣ አጥሚት ሆኖ የሚጠጣ። ለእኛ መንደር የሚደርሰን አሥራ አንድ ከረጢት ነው። ለምን አሥራ አንድ ብቻ እንደሆነ አንዴ የጤና ኬላውን ነርስ ማጋሊን ጠይቄያት ነበር። "ወረቀቱ ነው እንዲህ የሚለው፣ ዶኛ ኦብዱልያ" አለችኝ። ወረቀቱን ማን እንደጻፈው እሷም አታውቅም። ክብደቱ ካርዱ ላይ ካለው ቀይ መስመር በታች የወረደ ልጅ ይገባል፣ መስመሩን ያለፈ ይወጣል። ቀዮቹ ከአሥራ አንድ ሲበልጡ፣ መቼም የማይበልጡበት ወር የለም፣ የቀሩት ተራ ይጠብቃሉ። አንድ ሳይወጣ አንድ አይገባም።

በዚያ ሐምሌ ከተራ ጠባቂዎቹ የመጀመሪያዋ የልጅ ልጄ አራሴሊ ነበረች። ዓመት ከአራት ወር ሆኗት ገና አትቆምም። እናቷ፣ ልጄ ኖኤሚ፣ ጡቷ ደርቆ፣ ልጅቷን ስታለቅስ በእጇ መዳፍ አፏን እየነካካች ነበር የምታስተኛት። ቤታችን አንድ ክፍል ስለሆነ እኔም እያየሁ ነው የምተኛው።

የሰኔው ዝናብ ባቄላውን አብቅሎ ጥሎት ሄደ። ሐምሌ ላይ ሁለት ሳምንት እንደሚያርፍ እናውቃለን፤ ያን ዓመት አርፎ በዚያው ቀረ። ባቄላው አበባውን እንደያዘ ደረቀ። በቆሎ ካለቀ ቆይቷል፣ የምንበላው የማሽላ ቂጣ በጨው ነበር፤ ለልጆች ደግሞ ሆዳቸውን የሚያታልል ቡና በስኳር። ወንዶቹ ሰሜን ወርደው ዘንባባ እርሻ ላይ ናቸው። እኛ ሴቶቹ ሰሌን እንሠራለን፤ ነጋዴው ሐሙስ ሐሙስ ይመጣና አፍንጫውን ነፍቶ በርካሽ ይወስደዋል።

ሴልቪን የፊደሊና የመጨረሻ ልጅ ነው፤ ሁለት ዓመት ሞልቶት ነበር። ከእሱ በላይ አራት አሉ። ክርስትና ያነሳሁት እኔ ነኝ፤ ስለዚህ ፊደሊና አበልጄ ናት፣ ከአበልጅም የምወዳት አበልጅ። ስሙ ዝርዝሩ ላይ ከገባ አራት ወሩ ነው፤ አሥራ አንደኛው ከረጢት የእሱ ነበር።

ከረጢት ስሰጥ ለሁሉም እናት የምላት አንድ ነገር ነው፤ ለፊደሊናም ያንኑ አልኳት።

"ለእሱ ብቻ ስጪው አበልጄ። ለማንም አታካፍይ።"

"አራቱስ?"

"አራቱማ ትልልቆች ናቸው።"

"እሺ፤ እንግዲያው ድስቱን ስከፍት ነይና አራቱን ውጭ አቁሚልኝ።"

"እኔ ልቀልድ አልመጣሁም።"

"እኔስ መቼ ቀለድኩ? የአንድ ሰው አጥሚት ውሃ ሲጨመርበት ለአምስት ይሆናል። ውሃው ደሞ የመንግሥት አይደለም፤ ከወንዝ ተሸክሜ የማመጣው እኔ ነኝ።"

አፍ አላት ፊደሊና። ስቄ ሄድኩ። ግን ቅር ብሎኝ ነበር፤ አንድ ልጅ እንዲያገግም የተሰጠ ዱቄት አምስት ልጅ እንዳይሞት ብቻ ሲያደርግ ማየት ያናድዳል። በማን እንደምናደድ ደግሞ አላውቅም ነበር።

የሐምሌው ምዘና ማክሰኞ ዋለ። ሚዛኑን ትምህርት ቤቱ በረንዳ ላይ፣ ከወራጁ እንጨት ላይ ሰቀልኩት። ልጆቹን የምናስገባበት የሸራ ሱሪ አለ፤ እግራቸውን በሁለቱ ቀዳዳ አውጥተው ከመንጠቆው ሲንጠለጠሉ እንደ ገበያ ዶሮ ይወራጫሉ። ሴቶቹ በየወሩ ያችኑ ቀልድ ይቀልዳሉ። "ዶኛ ኦብዱልያ፣ የኔን ስንት ትገዢኛለሽ?" ይሉኛል። "ላባ ብቻ ነው፣ ይቅርብኝ" እላለሁ። እንስቃለን። ምን እናድርግ ታዲያ።

ፊደሊና ያን ቀን ፊቷ በርቶ ነው የመጣችው። ሴልቪንን በነጠላ ሸፍና አዝላዋለች።

"አበልጄ፣ ዛሬ ጉድ ታያለሽ" አለችኝና አወረደችው።

ጉንጩ ሞልቷል። ፊቱ ክብ ሆኗል። ባለፈው ወር የጎድን አጥንቱ የሚቆጠር ልጅ ነበር። ቤተ ክርስቲያን የታደለ የሱፍ ካልሲ እስከ ጉልበቱ አልብሳዋለች።

"ካልሲውን አውልቂው፤ ራቁቱን ነው የሚመዘነው።"

"ተይው እባክሽ፣ ይበርደዋል። ከሰሞኑ ብርድ ብርድ ይለዋል።"

"በዚህ ፀሐይ?"

"እሱን ጠይቂው።"

ካልሲ ስንት ይመዝናል ብዬ ተውኩት። ሱሪው ውስጥ አስገብተን ሰቀልነው። ሰኔ ላይ ሰባት ኪሎ ከዘጠኝ ነበር። መርፌው ወርዶ፣ ወርዶ፣ ዘጠኝ ኪሎ ከአንድ ላይ ቆመ። ከቀዩ መስመር በላይ ነው። ሴቶቹ እልል አሉ፤ ፊደሊና እጇን አፏ ላይ አድርጋ ሳቀች፤ ከዚያ ዓይኗ እንባ ሞላ።

"ካርዱን አሳዪኝ" አለች። "አሳዪኝ የት እንደደረሰ።"

መስመሩን በጣቴ አሳየኋት። ማንበብ አትችልም፣ መስመር ግን ታውቃለች፤ እዚህ አገር የልጇን መስመር የማታውቅ እናት የለችም።

አሁን የማውቀውን ልናገር። በዘጠኝ ዓመት ውስጥ በዚህች መንደር በአንድ ወር አንድ ኪሎ የጨመረ ልጅ አይቼ አላውቅም፤ ያውም በሐምሌ፣ ያውም ውሃ ከበዛበት አጥሚት። ሴልቪን ደግሞ ሚዛን ላይ ሲወጣ ጩኸቱ ውሻ የሚያስጮህ ልጅ ነበር። ያን ቀን ዝም ብሎ ተንጠለጠለ። አላለቀሰም፣ አልተወራጨም፣ እናቱንም አልፈለገም። "አድጎ ጨዋ ሆኗል" አለች አንዷ። ፀጉሩም ቀላ ብሏል። ይህን ሁሉ እያየሁ ነው።

ነርስ ማጋሊ ስልጠና ላይ ያስተማረችን አንድ ነገር አለ። ልጅ በድንገት ሲወፍር የእግሩን ጀርባ በአውራ ጣት ተጫኑ፤ መቶ አንድ፣ መቶ ሁለት፣ መቶ ሦስት ብላችሁ ልቀቁ። ጉድጓዱ ካልሞላ ሥጋ አይደለም፣ ውሃ ነው፤ ረሃብ ነው ያበጠው። ያ ልጅ ተራ አይጠብቅም፣ ነገም አይባልለትም፤ በዚያው ቀን ወደ ሐኪም ቤት ይወርዳል። እኔን ሴቶቹ ፊት አቁማ "እንደ ዶኛ ኦብዱልያ ተጫኑ" ብላ አመስግናኝ ነበር። የሴልቪን እግር ግን ካልሲ ውስጥ ነበር።

ገና ከሚዛኑ ሳናወርደው ዶኛ ኢላሪያ በመንገዱ አለፈች። ከመንደሩ ጫፍ ብቻዋን የምትኖር መበለት ናት፤ የእንጨት ሸክሟን በሁለት እጇ ይዛ ጎንበስ ብላለች። ቀና ብላ አየችው።

"ያ ሴልቪን ነው? ወይ ውፍረት! ይሄማ ጥጃ ሆኗል!"

እኛ ዘንድ ልጅ አድንቆ ሳይነኩት መሄድ የለም፤ ያልተነካ ልጅ ዓይን ይገባበታል። ራሱን ወይ እጁን ዳሰስ ታደርገዋለህ፣ አለቀ። ይህን የማያውቅ ሰው የለም።

"ነይ ንኪው!" ብላ ጮኸች ፊደሊና።

"እጄ ተይዟል ልጄ፤ እንጨቱን ካወረድኩት ማን ያሸክመኛል? ምን ክፋት አለኝ እኔ" አለችና ሄደች።

"ይቺ አሮጊት!" አሉ ሴቶቹ። "ቶሎ በሉ፣ አንድ ሰው ይንካው! ዶኛ ኦብዱልያ፣ አንቺ ክርስትና እናቱ ነሽ፣ ንኪው!"

ነካሁት። "ወፍሮልኛል የኔ ጌታ" አልኩና ግራ እጁን ያዝኩት፤ አውራ ጣቴን በእጁ ጀርባ ላይ አሳርፌ። እጁ ቀዝቅዟል፤ ሊጥ የነካሁ መሰለኝ። ሳላስበው ተጫንኩት። ሳላስበው መቶ አንድ፣ መቶ ሁለት ብዬ ቆጠርኩ። ጣቴን ሳነሳ ጉድጓዱ እዚያው ነበር። ጥፍሬ ሳይቀር ታትሞ ይታያል።

እጁን መዳፌ ውስጥ አስገብቼ ጨበጥኩት። ፊደሊና እንዳታየው ነው የጨበጥኩት። ሌላ ምክንያት ፈልጌ ነበር፤ ስንት ቀን ፈለግኩ፣ የለም። ዓይኔ ግድግዳው ጥግ የተደረደሩት ከረጢቶች ላይ ነበር። ኖኤሚ ከበረንዳው ጫፍ አራሴሊን ታቅፋ ቆማ ታየኛለች።

"ሴልቪን ወጥቷል" አልኩ። ጮክ ብዬ ነው ያልኩት። "ተራው የአራሴሊ ነው።"

ፊደሊና አልከፋትም። እንዲያውም የመጨረሻውን ከረጢት ራሷ አንስታ ለኖኤሚ አቀበለቻት። "በረከት ነው ይሄ፣ የኔን አወፍሮታል" አለቻት።

ነርስ ማጋሊ የምትመጣው ከሦስት ሳምንት በኋላ ነው። ለራሴ፣ ነገ ሄጄ እግሩን አየዋለሁ አልኩ። ረቡዕ ሰሌኑ አላለቀልኝም ነበር። ሐሙስ ነጋዴው መጣ። ዓርብ ዕለት ቤታችን አጥሚት ተሠራ፤ አራሴሊ ሙሉ ኩባያ ጠጥታ ጭልፋውን በሁለት እጇ ይዛ አለቅም አለች፤ ኖኤሚም ሳቀች። ልጄ ከሳቀች ስንት ጊዜዋ ነበር። ያን ቀን የፊደሊናን ቤት መንገድ እያወቅኩ አልሄድኩበትም።

ቅዳሜ ማለዳ ፊደሊና ራሷ መጣች። ሮጣ ነው የመጣችው።

"አበልጄ፣ ዓይኑን አልገልጥ አለኝ።"

ስንደርስ ሰሌን ላይ ተኝቷል። የዓይኑ ቆብ አብጦ ተዘግቷል። ካልሲውን ሳወልቀው ላስቲኩ ያረፈበት ቦታ እንደ ገመድ ሰርስሮት ገብቷል፤ ቁርጭምጭሚቱ ላይ ቆዳው ተልጦ ያዥ ነበር። ፊደሊና አየችው። "ምንድን ነው? ትል ነው? ትሉ ተነስቶበት ነው?" አለች።

"ውሰጂው፣ እንሂድ" አልኩ። ነጠላዋን አንስቼ አቀበልኳት።

ጤና ኬላው የአራት ሰዓት መንገድ ነው። እየተቀባበልን አዘልነው። እስከ ቁልቁለቱ ድረስ እሷ፣ ከዚያ እኔ፣ ከድልድዩ እሷ። ፊደሊና እየሄደች ታወራ ነበር፤ መድኃኒት ይሰጡታል፣ ማክሰኞ እኮ ደህና ነበር፣ አንቺም አይተሻል፣ መስመሩን አልፏል አላልሽም? ትላለች። አዎ እላለሁ። ወንዙን ተሻግረን ጥቂት ከሄድን በኋላ ተራው የእኔ ነበር። ትንፋሹ አንገቴ ላይ ይሰማኝ ነበር፤ ከወፍጮ ቤቱ ጋ ስንደርስ አልሰማ አለኝ። ቆምኩ። ፊደሊና ዞራ ፊቴን አየችና ገባት።

እሑድ ጠዋት ለቅሶው ቤት፣ ፊደሊና ዘንድ ገባሁ። ነጭ አልብሰውታል፤ ጠረጴዛ ላይ አስተኝተው ከትምህርት ቤት ደብተር የተቆረጠ አክሊል ራሱ ላይ፣ የወረቀት ክንፍ ትከሻው ሥር አድርገውለታል። የሞተ ሕፃን እናት አታለቅስም፤ እንባዋ ክንፉን ካረጠበው ወደ ሰማይ መብረር አይችልም ይባላል። ፊደሊና አላለቀሰችም። ከአጠገቡ ቁጭ ብላ ዝንብ ታባርራለች።

ሴቶቹ ግን የሚሉትን ይላሉ። ዓይን ነው፣ ያቺ ናት፣ ጥጃ ብላ ሄደች፣ ሳትነካው ሄደች። ይህን ሲሉ ዶኛ ኢላሪያ በሩ ላይ ደረሰች። ሻማ ይዛለች። ሁለት ሴቶች ተነስተው በሩ ላይ ቆመው መግቢያ ነሷት።

"ምን አደረግሁሽ?" አለቻት ፊደሊና ከተቀመጠችበት። ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። "ልጄን አድንቀሽ ሳትነኪው ሄድሽ። ጠርቼሽ ነበር።"

"እንጨት ይዤ እኮ ነው ልጄ..."

"ልጄ አትበያት!" አለች አንዷ። "ዶኛ ኦብዱልያ ባትነካውማ እዚያው ሚዛኑ ላይ በቀረ ነበር።"

"እውነት ነው" አለች ፊደሊና። እጄን ያዘችኝ። "አበልጄ ነካችልኝ። አንቺን ብቻ ነው ያለ ጥርጥር የማምነው።"

ዝም ማለት እችል ነበር። አሮጊቷ ሻማዋን ይዛ ትመለሳለች፣ መንደሩ አንድ ጠንቋይ ያገኛል፣ እኔም ሰደርያዬን ለብሼ በነሐሴም ልጆቹን እመዝናለሁ። ይህን አሰብኩት። እጄ ግን በፊደሊና እጅ ውስጥ ነበር፤ አውራ ጣቴ በእሷ እጅ ጀርባ ላይ አርፏል።

"ዓይን አይደለም" አልኩ። "አብጦ ነው። ረሃብ ነው ያበጠው። ማክሰኞ ስነካው ጣቴ ሰጥሞ ነበር፤ ጉድጓዱን አይቼዋለሁ። በዚያው ቀን ሐኪም ቤት መውረድ ነበረበት። አውቅ ነበር።"

ፊደሊና ዝንቡን ማባረሩን ተወች።

"አይተሻል" አለች ፊደሊና።

"አይቻለሁ።"

"ለምን አልነገርሽኝም?"

"እብጠቱን ብናገር ቀይ ሆኖ ይቀር ነበር፤ ከረጢቱም የእሱ ይሆን ነበር። አራሴሊ ተራ ላይ ነበረች።"

እጄን አልወረወረችውም። ቀስ ብላ ጭኔ ላይ መልሳ አስቀመጠችው። ከዚያ ወደ በሩ ዞራ "ግቢ ዶኛ ኢላሪያ፣ ሻማውን እግርጌው ላይ አብሪለት" አለች። አሮጊቷ ገባች። ሴቶቹ ዓይናቸውን መሬት ላይ ጣሉ። እንድትመታኝ ጠበቅኩ፤ እውነቴን ነው፣ እንድትመታኝ ፈልጌ ነበር።

"አራሴሊ አጥሚቱን ወደደችው?" አለችኝ።

እስክመልስ ጠበቀችኝ።

"ወዳዋለች።"

"በቀን ስንቴ ትጠጣለች?"

"ሦስቴ።"

"ጥሩ ነው" አለች። "ለእሷ ብቻ ስጧት። ለማንም አታካፍሉ።"

ከዚያ ፊቷን መለሰችና ተንጋዶ የነበረውን የልጇን የወረቀት አክሊል አቃናችው።